የጻፍነው ደብዳቤ የት ደረሰ?

ለተከበሩ የጋዜጣው ዋና አዘጋጅ፣

በጋዜጣችሁ ላይ ስለ መንግሥት መሥሪያ ቤቶች የሚወጡትን አቤቱታዎች ለዓመታት ሳነብ ቆይቻለሁ። «ነገ ተመለሱ» ስለሚል ሠራተኛ፣ ከጠረጴዛ ጠረጴዛ ስለሚንከራተት መዝገብ፣ ኮቱን ወንበሩ ላይ ሰቅሎ ስለሚጠፋ ባለሙያ የሚጻፈው አብዛኛው እውነት ነው፤ የባለጉዳዩን ምሬት ለማስተባበል አልተነሣሁም። እኔ ግን ከጠረጴዛው ማዶ ያለሁ ሰው ነኝ። በ1999 ዓ.ም. በአንድ የፌዴራል መሥሪያ ቤት በጀማሪ ባለሙያነት ተቀጥሬ፣ ዛሬም እዚያው ሕንጻ ውስጥ፣ ሁለት ፎቅ ከፍ ብዬ በከፍተኛ ባለሙያነት እሠራለሁ። ከዚህ በኩል የሚታየውን አንድ ነገር፣ ማለትም ሠራተኛው ለገዛ ሥራው እንዴት ባይተዋር እንደሚሆን፣ ለአንባቢዎቻችሁ ለማስረዳት ነው ይህን የምጽፈው።

ሥራችንን ለማያውቅ ሰው በአጭሩ ልግለጸው። ደብዳቤ ከክልል ወይም ከሌላ መሥሪያ ቤት ይመጣል፤ መዝገብ ቤት የገቢ ቁጥር ሰጥቶ፣ ከፋይሉ ጋር አያይዞ ለኃላፊው ያቀርበዋል። ኃላፊው በኅዳጉ ላይ «ተመልክተው አስፈላጊውን ይፈጽሙ» ብለው ወደ እኔ ይመሩታል። የቀደሙትን ደብዳቤዎች አገላብጬ መልስ አረቅቃለሁ፤ ቡድን መሪው አንድ ሁለት ቃል ይሰርዛሉ፣ ጸሐፊዋ ትተይባለች፣ ኃላፊው ይፈርማሉ፣ መዝገብ ቤት የወጪ ቁጥር ሰጥቶ ማኅተም ያሳርፍበታል፣ ግልባጩ ለሚመለከታቸው ይበተናል። ከዚያ በኋላ ያ ደብዳቤ ለእኔ የለም። የእኔ ስም በላዩ ላይ የለበትም፤ የሄደበትም ስፍራ ምን እንዳደረገ ተመልሶ አይነግረኝም። በማግስቱ ጠዋት ሌላ መዝገብ ጠረጴዛዬ ላይ ይጠብቀኛል፤ እሱም በዚያው መንገድ ይሄዳል።

ለብዙ ዓመታት የተዳደርንበት አዋጅ ቁጥር 1064/2010 የመንግሥት ሠራተኛ የሳምንት የሥራ ሰዓት ከ39 እንዳይበልጥ ደንግጎ ነበር። ከሰኞ እስከ ሐሙስ ከ2፡30 እስከ 6፡30 እና ከ7፡30 እስከ 11፡30፣ ዓርብ ደግሞ ጠዋቱ አንድ ሰዓት አጥሮ 5፡30 ላይ ያበቃ ነበር፤ ተደምሮ 39 ይሞላል። ይህን በ19 ዓመት ብናባዛው፣ የዓመት ፈቃዱንና በዓላቱን ቀንሰን እንኳ፣ ከ30 ሺህ ሰዓት በላይ ይሆናል። ይህን ሁሉ ሰዓት ምን ሠራህበት ብሎ ልጄ ቢጠይቀኝ፣ በጣቴ ጠቁሜ «ያንን» የምለው ነገር አልነበረኝም። ነገሩ ያሳሰበኝም ያኔ ነው።

ብዙ ሰው የቢሮ ሥራ እጅ እጅ የሚለው አንድ ዓይነት ስለሆነ ነው ይላል። እኔ ይህን አልቀበልም። አባቴ ከጋሞ ደጋ ወጥተው ሽሮ ሜዳ የከተሙ ሸማኔ ነበሩ። ከእርሳቸው ሥራ የበለጠ የሚደጋገም ሥራ አይቼ አላውቅም፤ ጉድጓዳቸው ውስጥ እግራቸውን ሰድደው፣ መወርወሪያውን ከቀኝ ወደ ግራ፣ ከግራ ወደ ቀኝ ሲወረውሩ ውለው ያመሹ ነበር። ወገባቸው ይታመማል፣ ዓይናቸው ይደክማል፤ ነገር ግን «ሰለቸኝ» ሲሉ ሰምቼ አላውቅም። ጋቢው አራት እጥፍ ሆኖ ሲያልቅ በእጃቸው ይዳብሱታል፣ ለማን እንደሚሄድ ያውቃሉ፣ ስንት እንደሚያወጣም ያውቃሉ። አንድ የጥምቀት ዕለት ጃንሜዳ ቆመን ሳለ፣ ከፊታችን የምታልፍ አንዲት የማያውቋት ሴት የለበሰችውን ነጠላ አይተው ክንዴን ጨበጥ አደረጉና «ያቺን ጥለት አየሃት? የእኔ ናት» አሉኝ። እስከ ዛሬ ድረስ ያን ፊታቸውን አስታውሳለሁ። እኔ በ19 ዓመት ውስጥ ያረቀቅሁት ደብዳቤ ከፊቴ ሲያልፍ አይቼ አላውቅም።

ስለዚህ ችግሩ መደጋገሙ አይደለም፤ ማግ እንደገባ ድሩም እንዳለቀ የማይታይ መሆኑ ነው። «ሥራ ለሠሪው፣ እሾህ ለአጣሪው» ይባላል፤ በእኛ ቤት ግን ሥራው ወደ ሠሪው የሚመለስበት በር ተዘግቷል። ጥሩ የጻፈም ሆነ በግዴለሽነት የጻፈ፣ የጻፈው ነገር አንድ ሰው ጠቅሞም ይሁን በድሎ ሁለቱም እኩል አይሰሙም። ይህ ለአንድ ዓመት ቢሆን ይቻላል። ለአሥር ዓመት ሲሆን ግን ሰውዬው ቀስ በቀስ ከወረቀቱ በስተጀርባ ሰው መኖሩን ይረሳል፤ መዝገቡ የሰው ጉዳይ መሆኑ ይቀርና ከጠረጴዛ ላይ መነሣት ያለበት ዕቃ ይሆናል። ባለጉዳዩ ደጅ ሲጠና የሚያየው ያ ቀዝቃዛ ፊት ከክፋት ብቻ የሚመጣ አይመስለኝም፤ አብዛኛው ከዚህ መርሳት ነው የሚመጣው።

የመንግሥት መሥሪያ ቤትን ለማሻሻል ያልተሞከረ ነገር የለም ማለት ይቻላል፤ በአብዛኛውም ሙከራ ውስጥ እኔ ራሴ ተቀምጬ ሠልጥኜአለሁ። በ1990ዎቹ መጨረሻና በ2000ዎቹ መጀመሪያ መሠረታዊ የሥራ ሂደት ለውጥ፣ በተለመደው ስሙ ቢፒአር፣ መጣ። ግድግዳ ፈርሶ ጠረጴዛዎቻችን በአንድ አዳራሽ ተደረደሩ፤ መዝገቡ የሚያልፍባቸው ደረጃዎችም ተቀነሱ። መቀነሱ በጎ ነበር። ከእርሱ ቀጥሎ ቢኤስሲ የተባለው የውጤት ምዘና ሥርዓት መጣ፤ በ2004 ዓ.ም. ካይዘን የተባለውን የጃፓን የሥራ ማሻሻያ ዘዴ የሚያስተምረው የካይዘን ኢንስቲትዩት ከተቋቋመ በኋላ ደግሞ የሥራ ቦታን የማደራጃ አምስቱን «ማ»ዎች ተማርን፣ መሳቢያዎቻችንን አጸዳን፣ ቦክስ ፋይሎች ላይ ባለ ቀለም ወረቀት ለጠፍን። የለውጥ ሠራዊትና አንድ ለአምስት የተባሉት የሠራተኛ አደረጃጀቶችም ነበሩ። እነዚህን ሁሉ ለማጣጣል አይደለም የማነሣቸው፤ ከእያንዳንዳቸው የተረፈ ጥሩ ነገር አለ። ነገር ግን አንድ ቃል ከዚያ ዘመን ጀምሮ አእምሮዬ ውስጥ ተቀርጾ ቀርቷል። ኃላፊው «የሥራ ሂደት ባለቤት» ሲባሉ እኛ «ፈጻሚ» ተባልን። ፈጻሚ ማለት የጀመረውን ነገር ከፍጻሜ የሚያደርስ ሰው ማለት ነው። ፍጻሜውን ፈጽሞ የማያይ ሰው ፈጻሚ መባሉ ያኔም ከንክኖኝ ነበር፤ ዛሬም ይከነክነኛል።

ምዘናውም በዚሁ መንፈስ ነው የሚሠራው። በየስድስት ወሩ የሚሞላው ቅጽ ስንት ደብዳቤ እንዳረቀቅሁ፣ ስንት ስብሰባ ላይ ቃለ ጉባኤ እንደያዝሁ፣ ዕቅዴን ስንት በመቶ እንዳከናወንሁ ይጠይቃል። ደብዳቤው ሥራ ላይ ዋለ ወይስ ሳጥን ውስጥ ቀረ የሚል ጥያቄ በ19 ዓመት ውስጥ ቀርቦልኝ አያውቅም። ሪፖርቱም እንዲሁ ነው። የሩብ ዓመቱ፣ የግማሽ ዓመቱ፣ የዘጠኝ ወሩና የዓመቱ ሪፖርት ከእያንዳንዳችን ተለቅሞ ወደ ቡድን፣ ከቡድን ወደ ላይ እየተጨመቀ ይወጣል። ብዙዎቻችን ያለፈውን ሩብ ዓመት ሪፖርት ከፍተን ወሩንና ቁጥሩን እንለውጣለን። ይህን በአደባባይ መናገር ቀላል አይደለም፤ ግን ያልሆነውን «ሆነ» ብሎ መጻፍ ለሠራተኛው ራሱ ምን ያህል የሚያሳምም እንደሆነ ካልተናገርን፣ ወጣቱ ባለሙያ በሁለተኛ ዓመቱ ለምን ልቡ እንደሚሸፍት ሊገባን አይችልም። ደመወዙ ከኑሮው ጋር አለመገናኘቱም አንዱ ምክንያት ነው፤ እሱ ግን ራሱን የቻለ ደብዳቤ ይፈልጋል። በግሉም ዘርፍ ቢሆን የተሻለ ደመወዝ ብቻውን መድኃኒት እንዳልሆነ አይቻለሁ፤ የእኅቴ ልጅ በአንድ ባንክ ዋና መሥሪያ ቤት ቀኑን ሙሉ በኮምፒዩተር መስኮት ላይ የቼክ ፊርማዎችን ስታመሳክር ትውላለች፤ «አጎቴ፣ የሰው ፊት ካየሁ ቆየሁ» ያለችኝ በተቀጠረች በዓመቷ ነው።

አሁን ይህን ደብዳቤ ወዳስጻፈኝ ነገር ልምጣ። በ2017 ዓ.ም. ኅዳር ወር ላይ፣ መዝገቦቻችንን ወደ ኮምፒዩተር ለማስገባት የቆዩ ቦክስ ፋይሎችን እንድንለይ ታዘዝን። ምድር ቤት ባለው መጋዘን ውስጥ አቧራ እየጠረግን ሳለ፣ የካቲት 2008 የሚል ቀን ያለው በገዛ እጄ የተጻፈ ረቂቅ አገኘሁ። 2008 ዓ.ም. በኤልኒኞ ምክንያት ዝናብ የታጣበት፣ ከ10 ሚሊዮን በላይ ሕዝብ የዕለት ዕርዳታ የጠበቀበት ዓመት ነው። ከአንዲት ቆላማ ወረዳ የመጣው ደብዳቤ የከተማይቱ የውኃ ጉድጓድ ጄኔሬተር መቃጠሉን ገልጾ ምትክ እንዲሰጥ ይጠይቃል። እኔም ለሚመለከተው ክፍል ምትኩ እንዲላክ የሚያሳስብ ደብዳቤ አርቅቄአለሁ። በረቂቁ መካከል «ነዋሪዎቹ ከ2 ሰዓት በላይ እየተጓዙ ወንዝ በመውረድ ላይ ይገኛሉ» የሚል ዓረፍተ ነገር ነበር፤ በቀይ እስክሪብቶ ተሰርዞ በኅዳጉ ላይ «ዝርዝሩ አያስፈልግም» ተብሎበታል። የቀረው «ጉዳዩ አስቸኳይ በመሆኑ» የሚለው ሐረግ ብቻ ነበር፤ እሱን ደግሞ በየደብዳቤው ላይ እንደ ሰላምታ የምንጽፈው ነው።

ዓረፍተ ነገሩን መጻፌን አላስታውስም። መሰረዙንም አላስታውስም። ያ ነው ያስደነገጠኝ። ከ8 ዓመት በላይ አልፎ ጄኔሬተሩ ይድረስ አይድረስ እንደማላውቅ፣ ለማወቅም ጠይቄ እንደማላውቅ እዚያ መጋዘን ውስጥ ቆሜ ተረዳሁ።

በደብዳቤው ራስ ላይ ያለውን ስልክ ደወልሁ፤ አይሠራም። ከዚያ አካባቢ የመጣ የሥራ ባልደረባዬ ዘመዶቹን ጠያይቆ፣ ከሳምንት በኋላ የወረዳው ውኃ ጽሕፈት ቤት ባልደረባ የሆነ ቴክኒሺያን የእጅ ስልክ አገኘልኝ። ማን እንደሆንሁና ለምን እንደደወልሁ ስነግረው ለጥቂት ጊዜ ዝም አለ። ከዚያም «ደብዳቤውን የጻፉት እርስዎ ነዎት?» አለኝ። አዎ አልሁት። ጄኔሬተሩ መድረሱን ነገረኝ፤ የደረሰው ግን በነሐሴ፣ ክረምቱ ከገባ በኋላ ነው። እስከዚያ ድረስስ ምን አደረጋችሁ ስለው፣ «እስከዚያማ ሴቶቹ ወንዝ ይወርዱ ነበር፤ አልፎ አልፎ በቦቴ ይመጣልን ነበር» አለ። ቀጥሎ የተናገረውን እስከ ዛሬ አልረሳሁትም። «የደብዳቤውን ግልባጭ በላስቲክ ጠቅልለን ይዘን ነበር ወደ ዞን የምንመላለሰው፤ ‹አስቸኳይ› ይላል እኮ፣ ከላይ ታምኖበታል እያልን ነበር የምንከራከረው» አለኝ።

እኔ ትርጉሙን ረስቼ እንደ ነጠላ ሰረዝ የምጠቀምባትን ቃል፣ እነዚያ ሰዎች በላስቲክ ጠቅልለው ስድስት ወር ሙሉ ሲሟገቱባት ኖረዋል። ያቺ ደብዳቤ ከእኔ ጠረጴዛ ከወጣች በኋላ በየትኛው ጠረጴዛ ላይ እንደከረመች አላውቅም፤ እዚያ የተቀመጠው ሠራተኛም እንደ እኔ አንድ የገቢ ቁጥር ብቻ ሳያይባት አልቀረም። ወንዝ ስለሚወርዱት ሴቶች የሚናገረው ዓረፍተ ነገር ተሰርዞ ነበርና ሊያያቸው የሚችልበት መንገድም አልነበረውም። የእኛ ባይተዋርነት ዋጋውን የሚያስከፍለው እኛን ብቻ አይደለም የምለው ለዚህ ነው።

ስልኩን ልዘጋ ስል ቴክኒሺያኑ «ትንሽ ይጠብቁኝ» አለና ሲራመድ ይሰማኛል፤ የብረት በር ተከፈተ። «ይሰማዎታል?» አለኝ። የጄኔሬተሩ ድምፅ ነበር። ቢሮዬ ውስጥ ብቻዬን ነበርሁ፤ ስልኩን ጆሮዬ ላይ እንደያዝሁ ለረጅም ጊዜ ቆየሁ። አባቴ ጃንሜዳ ላይ ክንዴን ሲጨብጡ የተሰማቸው ምን እንደነበረ ያን ዕለት ገባኝ፤ የዘገየውን ስድስት ወር ሳስበው ደግሞ አፈርሁ። ሁለቱም አብረው ተሰሙኝ።

ዛሬ ነገሩ ሁሉ ወደ ዲጂታል እየሄደ ነው። መዝገቡ በሰው እጅ መመላለሱ ቀርቶ በመስኮት ላይ ሲመራ ፍጥነቱ በእርግጥ ይጨምራል፤ የጠፋ ፋይል ፍለጋ የሚባክነውም ጊዜ ይቀራል። ነገር ግን ከወረቀት ወደ መስኮት የተዛወረው መዝገብ ለእኔ ከበፊቱ የበለጠ የራቀ እንዳይሆን እሰጋለሁ። በወረቀቱ ዘመን ቢያንስ የባለጉዳዩን የእጅ ጽሑፍና በዝናብ የራሰውን ፖስታ እናይ ነበር። አሁን «ላክ» የሚለውን ስንጫን መዝገቡ ከዝርዝሩ ውስጥ ይጠፋል፤ ዝርዝሩ ባዶ ሲሆንም ሥራ እንዳለቀ ይቆጠራል። በሚያዝያ 2017 ዓ.ም. በአዲስ አበባ አገልግሎት የጀመረው መሶብ የአንድ ማዕከል አገልግሎት በዚህ ረገድ ተስፋ የሰጠኝ፣ ከተለያዩ ተቋማት የተውጣጡ ሠራተኞች በአንድ ጣሪያ ሥር ከባለጉዳዩ ጋር ፊት ለፊት እንዲገናኙ ስላደረገ ነው። ለጉዳይ ሄጄ ያስተናገደችኝ ወጣት ሰነዴን በሁለት እጇ ስትሰጠኝ ፊቷን አየሁት፤ የጀመረችውን ስትጨርስ ያየች ሰው ፊት ነበር። እኛ ከበስተጀርባ ያለነው ብዙዎች ግን ከዚያ መስኮት አጠገብ አንደርስም።

የምጠይቀው ትልቅ በጀት የሚፈልግ ነገር አይደለም። በወጪ ደብዳቤ ግርጌ፣ ከፈራሚው ስምና ቲተር (የስም ማኅተም) ሌላ፣ ያረቀቀው ባለሙያ ስምና የውስጥ ስልክ ቢጻፍ፣ ደብዳቤውን የተቀበለ ሰው የሚያናግረው ሰው ያገኛል፤ ያረቀቀውም የራሱ ሥራ መሆኑን ያውቃል። መዝገብ ሲዘጋ ደግሞ ጉዳዩ ምን ላይ እንደደረሰ የሚገልጽ አንድ መስመር ወደ አረቀቀው ባለሙያ ቢመለስ መልካም ነው፤ አዲሶቹ የኮምፒዩተር ሥርዓቶች ይህን ያለ ምንም ድካም ሊሠሩት ይችላሉ፣ ከተጠየቁ። በዓመት ውስጥም ጥቂት ሳምንት እያንዳንዱ ባለሙያ በባለጉዳይ መስኮት ቢቀመጥ ወይም የሚጽፍለትን ወረዳ ሄዶ ቢያይ እላለሁ። መስክ መውጣት ሲባል የውሎ አበል እንጂ ሌላ የማይታያቸው መኖራቸውን አውቃለሁ፤ እሱን መቆጣጠር የኃላፊዎች ድርሻ ነው፤ በዚህ ምክንያት ግን ሠራተኛው የሚያገለግለውን ሕዝብ ሳያይ ጡረታ መውጣት የለበትም። ረቂቅ ላይ ቀይ እስክሪብቶ የሚይዙ ቡድን መሪዎችንም አንድ ነገር እለምናለሁ። ሰዎቹ ያሉበትን ዓረፍተ ነገር አትሰርዙት።

እኔ በበኩሌ ከዚያ ኅዳር ወዲህ 50 ገጽ ያላት የተማሪ ደብተር ገዝቼ፣ ያረቀቅሁትን ዋና ዋና ጉዳይ ሁሉ የወጪ ቁጥሩንና ቀኑን፣ የተላከበትንም ስፍራ እመዘግባለሁ። ሦስት ወር ሲሞላው ዓርብ ከሰዓት በኋላ ስልክ አነሣና እጠይቃለሁ። መጀመሪያ ላይ የሚያነሡት ሰዎች ኦዲት መስሏቸው ይደነግጡ ነበር፤ አሁን ለመዱኝ። ከአጠገቤ የሚቀመጡ ሁለት ወጣት ባለሙያዎችም የየራሳቸውን ደብተር ይዘዋል። እስከ ዛሬ የመዘገብሁት 41 ጉዳይ ነው፤ የ26ቱን መጨረሻ አውቄአለሁ፣ ከእነዚህም ውስጥ 9ኙ እኛው በጻፍነው ጉድለት ምክንያት ቆመው ስለነበር ደብዳቤውን አስተካክለን እንደገና ልከናል። የቀሩትን 15ቱን በመጠየቅ ላይ ነኝ።

ከአክብሮት ሰላምታ ጋር፣
አንድ የመንግሥት ሠራተኛ
ከአዲስ አበባ